የብረቷ ምራቅ

ጥቅምት 4

ለተከበሩት አክስቴ፣

ከሩቅ ሆኜ ዝቅ ብዬ ጤናዎን እጠይቃለሁ። ጉልበትዎ፣ ዓይንዎና የስፌት መኪናዎ እንዴት ሰነበቱ? እኔ ፈጣሪ ይመስገን ደህና ነኝ። እዚህ ብርዱ ገብቷል፤ እኔም ካፖርቴ ውስጥ ገብቻለሁ።

አባቴ መድኃኒቱን በሰዓቱ እንደሚወስድ ከትልቋ አክስቴ ሰማሁ። እርስዎ አጠገቡ መሆንዎን ሳስብ እንቅልፍ ይወስደኛል። ፈጣሪ ብድርዎን ይክፈልልኝ፤ እኔ ከፍዬ አልጨርሰውም።

የጻፍኩት ለአንድ ጉዳይ ነው። የምሠራበት ላቦራቶሪ አዲስ ጥናት ጀምሯል። ሳንባ ነቀርሳ ደጋግሞ የገባባቸው ቤተሰቦች ይፈለጋሉ። ግን የታመሙት ብቻ አይደሉም። በዚያው ቤት፣ በዚያው አየር፣ በሽተኛ ሲያስታምም ኖሮ አንድም ቀን ያልታመመ ሰው ያለበት ቤተሰብ ነው የተፈለገው። አለቃችን ይህን ስታስረዳ እኔ ቱቦ ላይ መለያ እየለጠፍኩ ነበር። ተለጣፊው ጣቴ ላይ ቀረ። አያቴን ያስታመሙት እርስዎ፣ እናቴን ያስታመሙት እርስዎ፣ አሁን ደግሞ አባቴን። ሰዉ ሁሉ «ብረቷ» የሚልዎት በከንቱ አይደለም። ምናልባት ከእናት ከአባት በሚወረሰው ዘረ መልዎ ውስጥ፣ ያንን ባክቴሪያ ከደጅ የሚመልስ አንድ ነገር ይኖር ይሆናል። እሱ ቢታወቅ ለስንቱ ሰው መድኃኒት መሥሪያ በሆነ ነበር!

የሚፈለገው ምራቅ ብቻ ነው። ትንንሽ ቱቦዎች በጤና ጣቢያው በኩል ይደርሷችኋል። ፈቃደኛ የሆነ ሁሉ እስከ መስመሩ ይተፋበታል። ሌላ ምንም አያስቸግርም።

አባቴን ይሳሙልኝ። የአፍ መሸፈኛ ልኬያለሁ።

አክባሪዎ የወንድምዎ ልጅ


ኅዳር 11

ለዶክተሩ የወንድሜ ልጅ፣

ዕድሜና ጤና ይስጥህ፤ ሁለቱን አንድ ላይ ከከበደው ጤናውን ያስቀድምልህ። እኔ ደህና ነኝ። እኔ ሁልጊዜ ደህና ነኝ፤ ጣጣዬም እሱ ነው።

«ዶክተር አትበሉኝ፣ መለያ ለጣፊ ነኝ» እያልክ መጻፍህን ተው። ይህ ቤተሰብ ከመረቀህ ቆይቷል፤ ማዕረግህን ለመግፈፍ ስብሰባ ሊጠራ ነው?

ደብዳቤህን እህቴ ቤት ተሰብስበን ሰማነው። ያነበበው ባልዋ ነው፣ ባለከረባቱ። ቆሞ ነው ያነበበው፤ የመሥሪያ ቤት ሰው ደብዳቤ ቁጭ ብሎ ካነበበ አይገባውም። «ባክቴሪያውን ከደጅ የሚመልስ» የሚለው ጋ ሲደርስ መነጽሩን አወለቀ።

«ይኸውላችሁ! እኔ ሳልማር የተናገርኩትን ሳይንስ አሁን ደረሰበት። ይቺን ሴት በሽታ አይደፍራትም።»

«ተመስገን!» አለች እህቴ። «እንግዲህ ወንድማችን ጋ እሷ መሆኗ ትክክል ነበር ማለት ነው።»

«እኔማ አጠገቡ ብውል ደስታዬ ነበር፤ ሳንባዬ ስስ ሆነ እንጂ» አለ ባልዋ።

ሳንባው ስስ ነው አሉ! ከመኪና ማቆሚያው ዘበኛ ጋር ሲጣላ ድምፁ ሦስተኛ መንገድ ድረስ ይሰማል።

ቱቦዎቹ መጡ። ባለከረባቱ «በሥርዓት ይሁን» ብሎ በዕድሜ አሰለፈን። ይህ ቤተሰብ በአንድ ነገር ተስማምቶ ሲሠራ ያየሁት ያን ዕለት ነው፤ የተስማማውም ለመትፋት ነው። እህቴ ምራቅ እምቢ ብሏት ስትቸገር ባልዋ ፊቷ ሎሚ ቆረጠላት። እሱ ራሱ ቱቦውን ከመስመሩ አሳልፎ ሞላ። የእኔን «ሰው ፊት መትፋት ነውር ነው፤ ቤቴ ወስጄ እጨርሰዋለሁ» አልኳቸው። ደስ አላቸው፤ ጨዋነቴም በዘሬ እንዳለ ተናገሩ።

«አባቴን ይሳሙልኝ» ያልከውን ነግሬዋለሁ። «በፖስታም ይሳማል እንዴ?» አለ። የላክኸውን መሸፈኛ አድርጌ ስገባ ደግሞ «ከኋላው ሰው አለ?» ይለኛል። ክኒኑ ያቅለሸልሸዋል። አዲሱ ዓይነት መድኃኒት የለመደ ነቀርሳ ስለሆነ ሕክምናው እንደ ፍርድ ቤት ቀጠሮ ይረዝማል። ማስዋጥ፣ ማጠብ፣ መስኮት መክፈት፣ መስኮት ዝጊ ሲል መጨቃጨቅ፤ ቀኑ እንዲህ ያልቃል። የተማሪዎቹን የደንብ ልብስ ስፌት ለሌላ ሰጥቻለሁ። መኪናዋ ጨርቅ ለብሳ ጥግ ተቀምጣለች። ሳያት የጡረታ ደብዳቤ የደረሳት ትመስለኛለች።

በል ደህና ሁን፤ በየገባህበት ቀና ሰው ይግጠምህ።

አክስትህ


ጥር 20

ለተከበሩት አክስቴ፣

ሰላምታዬ ይቅደም። ስለዘገየሁ ይቅር ይበሉኝ፤ ይህን ደብዳቤ ስጀምረውና ስቀደው ሰንብቻለሁ። እንዴት እንደምለው አላውቅም። እንዳይከፉብኝ።

የቤተሰባችን ምራቅ ተመረመረ። ቱቦዎቹ ስም የላቸውም፤ ቁጥር ብቻ ነው ያላቸው። የማን የማን እንደሆነ ማወቅም አልነበረብኝም። ግን ቁጥሩን የለጠፍኩት እኔ ነኝና አወቅሁ። የእርስዎ ቱቦ ከሌሎቻችን ጋር በሥጋ አይዛመድም። ከአባቴ ጋር አይገጥም፣ ከትልቋ አክስቴም ጋር አይገጥም። ነገሩ ይህ ብቻ ቢሆን ዝም ባልኩ ነበር፤ በቤተሰብ ውስጥ ያልተነሣ ነገር አይነሣም።

ነገር ግን፣ አክስቴ፣ ናሙናው የወንድ ነው።

አለቃዬ ስብሰባ ላይ ስክሪኑን እያየች «የታማሚው እህት ሰውዬ ናት» አለች። ሰው ሁሉ ሳቀ። ከዚያ ሁሉም ወደ እኔ ዞረው መሳቃቸውን አቆሙ። መለያውን አሳስቶ የለጠፈው እኔ ነኝ ተብሏል። አንድ ቤተሰብ ከተሳሳተ የለጠፍኩት ሁሉ ይጠረጠራል። ወንበሬ እየተነቃነቀ ነው።

ምናልባት እዚያ ቱቦ ተቀያይሮ ይሆን? ባለከረባቱ ሁለት ጊዜ ተፍቶ ይሆን? እባክዎን ያስታውሱኝ።

አባቴ እንዴት ነው? በሚቀጥለው ለእሱ ረዘም አድርጌ እጽፋለሁ።

የወንድምዎ ልጅ


የካቲት 9

ለወንድሜ ልጅ፣

ከክፉ ሁሉ ይሰውርህ፤ በእኔ ሰበብ ከሚመጣው ጭምር።

ሰውዬው ጫማ ሰፊው ነው። ከቤቴ ፊት ለፊት፣ ከመብራት ምሰሶው ሥር የሚቀመጠው። ቱቦውን ይዤ ሄድኩና «እዚህ ውስጥ ትፋልኝ» አልኩት።

«ምን አጠፋሁ?» አለኝ።

«ምንም። ለሳይንስ ነው።»

«እትዬ፣ ሰው ሁሉ ሲተፋብኝ ኖሬያለሁ፤ ትፋልኝ ብሎ የለመነኝ ግን ከአንቺ በቀር የለም» አለና በክብር፣ አፉን ተጉመጥሙጦ፣ እስከ መስመሩ ሞላልኝ። ወንድና ሴት በምራቅ እንደሚለይ ማን ነገረኝ? ምራቅ ምራቅ ነው ብዬ።

ለምን እንዳደረግሁት ልንገርህ። ተቆጥተህ አንብበው፤ ግን እስከ መጨረሻው አንብበው።

አያትህ ስትታመም ቤት ውስጥ ያላገባሁ እኔ ነበርኩ፤ «አንቺ ያዣት» ተባልኩ። ያዝኳት። እሷ ሞተች፣ እኔ አልታመምኩም። ከዚያ እናትህ። አንተ ትንሽ ልጅ ነበርክ፤ በመስታወት በኩል እያሳየሁህ እጅህን ታወዛውዝላት ነበር። አሁንም አልታመምኩም። ከዚያ በኋላ በዚህ ቤተሰብ ሰው ሲያስነጥስ የሚጠሩት እኔን ነው። ሲታመሙ ብረቷ፤ ሲድኑ ደግሞ ያቺ ልብስ ሰፊዋ። «አትታመምም» ያሉት ቀስ እያለ «አይደክማትም» ሆነ። ማንም ሲለወጥ አላየውም። እኔም አላየሁትም፤ ድካሙ ነው የነገረኝ።

አንተ ደግሞ ከዚያ ሆነህ በዘሬ ውስጥ ልታገኝልኝ ተነሣህ። እስከ ዛሬ ወሬ ነበር፤ ወሬ ይረሳል። ሳይንስ በማኅተም ካጸደቀው ግን እስክሞት አስታማሚ ነኝ፤ ይግባኝም የለው። ስለዚህ የጫማ ሰፊውን ተራ ምራቅ ሰጥቼ «ተራ ሴት ናት» ተብዬ ልመለስ ፈለግሁ። ሴትነቱ ላይ ከሸፈ።

ለአለቃህ እውነቱን ንገራት፤ እንጀራህ በእኔ አይጥፋ። ለእኔ ግን አንድ ነገር አድርግልኝ። ማኅተም ባለበት ወረቀት ላይ «አክስቴ እንደ ማንም ሰው ናት፤ ሊይዛትም ይችላል» ብለህ ጻፍልኝ። ውሸት ነው፤ አውቃለሁ። ሌላ ለምኜህ አላውቅም።

አባትህ መቼ ትመጣለህ ብሎ አይጠይቅም። ስለማይጠይቅ ነው የጻፍኩልህ።

አክስትህ


መጋቢት 15

ለተከበሩት አክስቴ፣

እንደምን ሰነበቱ? ደብዳቤዎን መጀመሪያ ስቄ አነበብኩት፤ ቀጥሎ ሳልስቅ አነበብኩት።

ለአለቃዬ ነገርኳት። ስለ ጫማ ሰፊው ስትሰማ ጠረጴዛውን እየመታች ሳቀች። የጻፉትን ምክንያት ስተረጉምላት ግን ሳቋን ተወችና፣ «አስታማሚዎቹ የማይታመሙ ተብለው መታወቅ ይፈልጉ እንደሆነ ብለን ጠይቀን አናውቅም» አለች። ወንበሬም ተረጋግቷል።

ወረቀቱን ግን መጻፍ አልችልም። ማኅተም የለኝም፤ ቢኖረኝም አልችልም። በምትኩ አንድ ልለምንዎት። እውነተኛ ምራቅዎን ይስጡ፤ ደምም ጨምረው። ደሙ ከባክቴሪያው ቁራጭ ጋር አንድ ሌሊት ይቀመጣል። ባክቴሪያው ሰውነትዎ ገብቶ ከሆነ የደምዎ ወታደሮች ያስታውሱታል፤ ካላወቁት ዝም ይላሉ። ያን ጊዜ ብረት መሆንዎን ወይም አለመሆንዎን እናውቃለን። እምቢ ማለትም መብትዎ ነው፤ በጥናቱ ደንብም ተጽፏል።

ስለ መምጣቴ፦ ፈቃድ ልጠይቅ አስቤ ነበር። ጥናቱ መሃል ላይ ነው፣ ሰው ጎድሏል፣ የዚህ አገር ብርድም ሳይወጣ አውሮፕላን አስቸጋሪ ነው። ከዚያም በኋላ የላቦራቶሪው ዓመታዊ የዕቃ ቆጠራ አለ። ከዚያ በኋላ እናያለን። ለአባቴ ቫይታሚን ልኬያለሁ፤ ብርቱካናማውን ጠዋት፣ ነጩን ማታ።

የወንድምዎ ልጅ


ግንቦት 2

ለወንድሜ ልጅ፣

ሰላም ላንተ ይሁን። ቫይታሚኑ ደርሷል። አባትህ «ልጄ ባለቀለም ሰላምታ ላከልኝ» እያለ ይቅመዋል።

ምራቄን ሰጠሁ፤ የራሴን። ደሜንም ሰጠሁ። ራጅም ተነሣሁ። ትናንት የጤና ጣቢያዋ ሐኪም ጠራችኝ። ልጅ ናት፤ ሳታገባ ሽበት የጀመራት። በሩን ዘጋች። ሐኪም በር ሲዘጋ ሰው ያለበትን ኃጢአት ሁሉ ያስታውሳል።

«እናቴ፣ ባክቴሪያው ሰውነትዎ ገብቷል» አለችኝ።

«መቼ?»

«ደሙ መቼ እንደሆነ አይናገርም። ዓመታት ሊሆነው ይችላል።»

«ታዲያ ለምን አልታመምኩም?»

«ሰውነትዎ ከብቦ አስተኝቶታል። ሳንባዎ ንጹሕ ነው፤ ራጁን አይቼዋለሁ።»

«እንግዲህ እዚያም ውስጥ አስታማሚ ነኝ በይኛ! አባብዬ አስተኝቼው።»

ሳቀች፤ ቶሎ መለሰችው። «ሰው ሲዳከም፣ ሲከሳ፣ ዕድሜ ሲጫነው ሊነቃ ይችላል። ስንት ሰዓት ይተኛሉ?» አለችኝ።

ይህን ጥያቄ ሰው ጠይቆኝ አያውቅም። ዕንባዬ ቀደመኝ። እንዲህ ያለ ውርደት ደግሞ አይቼ አላውቅም፤ ነርሷ መጥታ ወንበር ሰጠችኝ፣ የተቀመጥኩ መሆኔን እንኳ አላየችም።

የለመንኩህ ውሸት እውነት ሆኖ መጣ ማለት ነው። ደስ ሊለኝ ይገባ ነበር። ሌሊቱን ሙሉ ደረቴን ሳዳምጥ አደርኩ፤ የተኛ እንዳይነቃበት ቀስ ብሎ እንደሚራመድ ሰው ነው የተነፈስኩት። እስኪ አስረዳኝ። በሽተኛ ነኝ? ሰው አስይዛለሁ? ለማንም አልተናገርኩም። ፈጥነህ ጻፍ፤ የአንተን ቆጠራ አልጠብቅም።

አክስትህ


ግንቦት 14

ለውድ አክስቴ፣

ሰላምታውን ላሳጥረው። በሽተኛ አይደሉም። ማንንም አያስይዙም፤ የተኛ ባክቴሪያ አይተላለፍም። እንደ እርስዎ ሆኖ ሳያውቀው የሚኖር ሰው በዓለም ላይ እጅግ ብዙ ነው። አብዛኛው ዕድሜውን ጨርሶ በሌላ ነገር ይሞታል። ሐኪሟ ትከታተልዎ፤ መከላከያ መድኃኒት ያስፈልግ እንደሆነ እሷ ትወስናለች። ክብደት ከቀነሱ፣ ሌሊት ላብ ካጠመቀዎት፣ ሳል ከሰነበተብዎት በዚያው ቀን ይሂዱ።

እኛ የምንፈልገው ባክቴሪያው ጨርሶ ያልገባበትን ሰው ነበር። እርስዎ አይደሉም። ጥናቱ ቤተሰባችንን በምስጋና አሰናብቷል። በሽታ ሳይነካዎት አልኖሩም፣ አክስቴ። ነክቶዎት፣ ይዘውት፣ ሌላ ሰው ሲያስታምሙ ነበር።

አንድ ነገር ደግሞ ልንገርዎ፤ ለሁሉም ያንብቡላቸው። የአባቴ አክታ ንጹሕ ከሆነ ሰንብቷል። ለእሱ ውኃና ክኒን ለማቀበል ብረት መሆን አያስፈልግም። እጅ ብቻ ይበቃል። ሳንባው ስስ የሆነም ሰው ይችላል።

እርስዎ ይተኙ። ሌላውን እነሱ ይወቁበት።

የወንድምዎ ልጅ


ሐምሌ 8

ለወንድሜ ልጅ፣

ፈጣሪ ካለህበት አይለይህ። ዘገየሁ፤ ተኝቼ ነበር። ቀልድ አይደለም፤ እውነት ተኝቼ ነበር። ሰው እንዲህ ይተኛል ወይ እስክል።

አባትህ ቤት ሰበሰብኳቸው። ደብዳቤህን ባለከረባቱ እንደ ልማዱ ቆሞ ማንበብ ጀመረ። «ባክቴሪያው» የሚለው ጋ ሲደርስ ተቀመጠ። እያነበበም ወንበሩን በቂጡ እየገፋ ወደ መስኮቱ ሄደ።

«አይተላለፍም ይላል፤ ራስህ ነህ ያነበብከው» አልኩት።

«ገብቶኛል፤ እንዲያው ለአየሩ ነው» አለ። ወንበሩን ግን አልመለሰም።

እህቴ ደረቷን ይዛ «ታዲያ አሁን ወንድማችንን ማን ሊያየው ነው?» አለች።

«ይህን ስትጠይቂ ፊትሽ ወደ እኔ ነው፣ እህቴ። ልምድ ነው፣ አልፈርድብሽም። ግን ወደ ባልሽ አዙሪው።»

ያን ጊዜ ብታይ! ሁሉም በየተራ መሳል ጀመረ። ለዓመታት ጤነኛ የነበረ ቤተሰብ በአንድ ምሽት ሕሙም ሆነ። አንዱን ጉልበቱ፣ አንዷን ደም ግፊቷ። እኔ ዝም ብዬ ተቀመጥኩ። ዝም ማለት ይህን ያህል ኃይል እንዳለው ባውቅ ኖሮ ከዱሮ ጀምሮ ዝም እል ነበር። በመጨረሻ ሳሉም ሰበቡም አለቀና ቀን ተከፋፈሉ። ሰኞንና ማክሰኞን እህቴ ወሰደች። ሁለቱ ልጆቿ ረቡዕንና ዓርብን። ቅዳሜ የባለከረባቱ ሆነ። ከአፍ መሸፈኛው በላይ መነጽር፣ ከበታቹ ከረባት አድርጎ ገባ አሉ፤ አባትህ አይቶት «ስብሰባ አለብን?» አለው። ከሰዓት በኋላ ግን ዳማ ሲጫወቱ ደረስኩባቸው፤ እየተሸነፈ መሸፈኛውን አገጩ ላይ አውርዶ ይጨቃጨቃል። ስስ ሳንባ ያለው ሰው እንዲያ አይጮህም።

እኔ እሑድን ያዝኩ። እንግዳ ሆኜ ነው የምሄደው፤ አንኳኩቼ።

የስፌት መኪናዋን ጨርቋን አወለቅሁላት፤ ዘይት አጠጣኋት። እጄ ግን ይዝላል፤ ከቀትር በኋላ ልብሱን ትቼ እጋደማለሁ። ሐኪሟ «ይህ ድካም በአንድ ወር የመጣ አይደለም፣ በአንድ ወርም አይሄድም» ብላኛለች። ክብደቴን በየጊዜው ትለካለች። እኔም የሚለካልኝ ሰው ማግኘቴ ደስ ይለኛል፤ ለካ እንዲህ ያለም ደስታ አለ።

አሁን ጉዳዩን ልንገርህ። ሐሙስ ቀረ። ሁሉም ወደ ጣሪያ አየ። «ሐሙስ የማን ነው?» አለ ባለከረባቱ። «የልጁ ነው» አልኩ። ሳቁ። «እሱ እዚያ ሆኖ?» አለች እህቴ። «እዚያ ሆኖ የሁላችንን ምራቅ ለቅሟል፤ እጁ ረጅም ነው» አልኳት። የበለጠ ሳቁ።

አባትህ በሩ ተከፍቶ ስለነበር ከክፍሉ ሰምቷል። እሱ አልሳቀም። «ሐሙስ ነው ያልሽው?» ብሎ ጠየቀኝ፤ ሌላ አልጨመረም።

አትስጋ፤ ራሱ መዋጥ ይችላል። እህቴ ክኒኖቹን ከዋዜማው በሰሃን ታስቀምጥለታለች፣ ውኃም በጠርሙስ። እየተራመደ ነው፤ መስኮቱንም አሁን ያለ ጭቅጭቅ ይከፍተዋል። አንተ ይህን ባክቴሪያ በስም፣ በአባት ስም፣ በአያት ስም ታውቀዋለህ። በመስታወት በኩል ስታየው እንደኖርክም አውቃለሁ። እሱ ግን ከዚህ ቤት ወጥቷል፤ አክታው ንጹሕ ነው ብለህ የጻፍከው አንተ ነህ። የቀረው አባትህ ብቻ ነው።

ትናንት ሐሙስ ነበር። ክር ልገዛ ስወጣ በደጁ አለፍኩ። በመስኮቱ አየሁት፤ ጢሙን ተላጭቶ፣ ጸጉሩን በውኃ አበጥሮ፣ ሸሚዙን እስከ አንገቱ ቆልፎ፣ ወንበሩን ወደ በሩ አዙሮ ተቀምጧል። እግሬ ልማዱ ነውና ወደ በሩ ሊታጠፍ ነበር።

አልገባሁም። ቀኑ የእኔ አይደለም።

አክስትህ